ሁለት ቀዳዳ ያለው ቲኬት

ሰማያዊው አውቶቡስ ዳገቱን ሊያጋምስ ጥቂት ሲቀረው የኋላ ጎማው ፈነዳ። ከኋላ የተቀመጡት ሴቶች ፈጣሪያቸውን ጠሩ፤ የአንዱ ነጋዴ ሻንጣ ከመደርደሪያው ወርዶ መተላለፊያው ላይ ተዘረጋ። ሾፌሩ ግን መሪውን ወደ ተራራው ጥግ ጠምዝዞ፣ የእጅ ፍሬኑን ከሳበ በኋላ በመጀመሪያ ያየው ጎማውን ሳይሆን የኪስ ሰዓቱን ነበር። ያየውም ለራሱ ብሎ አይደለም። ከጎኑ ባለው ወንበር ላይ ቦርሳውን ጭኑ ላይ አድርጎ የተቀመጠው ታናሽ ወንድሙ በአራት ሰዓት ከተማ መድረስ ነበረበት።

ታናሽየው የመንግሥት መርማሪ ነው። መሥሪያ ቤቱ ውስጥ አራት ነጥብ ይሉታል፤ የጀመረውን ሳይጨርስ አይነሳም፣ ያየውንም ሳይጽፍ አያልፍም ለማለት ነው። ስሙን የሰጡት ባልደረቦቹ ግማሹን አድንቀው፣ ግማሹን አሹፈው ነው። ታላቅየውን ደግሞ መንገዱ በሙሉ አባ ዳገት ብሎ ያውቀዋል። አራት ነጥብ ብቻ ጋሼ ይለዋል። አባታቸው ከሞተ ጀምሮ ያሳደገው፣ ትምህርት ቤት ያስገባው፣ መንግሥት ቤት የተቀጠረ ዕለትም ባለ ወርቅ ጫፍ የቀለም ብዕር ገዝቶ ደረት ኪሱ ላይ የሰካለት እሱ ነው።

ጋሼ ወርዶ ጎማውን ዞሮ አየና ክሪኩን ከሳጥን አወጣ። ቲኬት ቆራጩ፣ ከሾፌሩ በዕድሜ የሚበልጥ ዝምተኛ ሰው፣ ካልፈነዳው ጎማ ሥር ድንጋይ ደገፈ። አራት ነጥብ ቦርሳውን እንዳቀፈ መንገዱ ዳር ቆመ። በቦርሳው ውስጥ ያለው የወንድሙ ዕድል ነበርና።

ነገሩ እንዲህ ነው። ይህን መንገድ ለብዙ ዘመን የያዘው ትልቁ ኩባንያ ብቻ ነበር፤ ቀያይ አውቶቡሶቹ ሲያሻቸው ይነሳሉ፣ ሲያሻቸው ይቀራሉ፣ ዋጋውን የሚያውቀው ኩባንያውና ፈጣሪ ብቻ ነው። ከአሥራ አንድ ዓመት በፊት አንድ አሮጌ መካኒክ ሾፌሮችን አሰባስቦ የሰማያዊዎቹን ማኅበር መሠረተ። ሰማያዊዎቹ በመጡ በዓመቱ የመሳፈሪያ ዋጋ በግማሽ ወረደ። ጋሼም የሰባት ዓመት ደመወዙን እየቆነጠረ ሁለት አክሲዮን ገዛ። ከዚያ ወዲህ ሰው ሥራህ ምንድን ነው ብሎ ሲጠይቀው ሾፌር ነኝ አይልም፤ ባለ ድርሻ ነኝ ይላል፣ ቀጥሎም ራሱ ይስቃል።

መካኒኩ ባለፈው ዓመት ሞተ። ወራሾቹ ጎማና ዘይት የማይወዱ ሰዎች ሆኑና ከመቶው አክሲዮን የእነሱ የነበረውን ስልሳ አንዱን ለትልቁ ኩባንያ ሊሸጡ ተዋዋሉ። ኩባንያውም ሐሳቡን አልደበቀም፤ አሮጌዎቹ ሰማያዊ አውቶቡሶች ለቁራጭ ብረት ይሸጣሉ፣ ዕድሜያቸው ከሃምሳ ያለፈ ሾፌሮች በክብር ይሰናበታሉ አለ። ጋሼ ሃምሳ ሦስት ዓመቱ ነው። በክብር የሚለውን ቃል ሲሰማ ምራቁን ተፋና፣ ደጃፍ ላይ ተቀምጬ ዝንብ የማባርርበትን ክብር ለራሳቸው ያድርጉት አለ።

አንድ ተስፋ ብቻ ነበር። ገና ሁለት ዓመት ያልሞላው አዲስ ሕግ አንድ ኩባንያ የተፎካካሪውን አክሲዮን ከግማሽ በላይ ሲገዛ የንግድ ጉባኤው ካልመረመረው ሽያጩ አይጸናም ይላል። ሽያጩ ፉክክርን የሚያጠፋ ከሆነ ጉባኤው ያፈርሰዋል። መርምረህ አቅርብ ተብሎ መንገዱ ላይ የተላከው ደግሞ አራት ነጥብ ሆነ። ወንድሜ የማኅበሩ ሾፌር ነው ብሎ ለአለቃው ቢናገርም፣ አለቃው መንገዱን የሚያውቅ ሌላ ሰው ከየት ላምጣ፣ ዝምድናህን መጀመሪያው ገጽ ላይ ጻፈውና ሂድ አለው። ጻፈው። ባለ ሃያ ሁለት ገጽ ሪፖርቱን ካስገባ ሳምንት ሆኖታል፤ ዛሬ ቦርሳው ውስጥ የያዘው የራሱን ቅጂና ትናንት የጨረሰውን የመጨረሻ የተሳፋሪ ቆጠራ ነው።

ጋሼ የጎማውን ብሎን ገና ሳያላላ ከታች የክላክስ ድምፅ ተሰማ። የቀዩ ኩባንያ አውቶቡስ እያቃሰተ ወጣና ከፊታቸው ጥግ ይዞ ቆመ። ሾፌሩ ሻምበል የሚባለው ነበር፤ በወታደርነቱ ዘመን ከአሥር አለቃ በላይ ዘልቆ ባያውቅም ጢሙ ሻምበልነት ሰጥቶታል።

«አባ ዳገት፣ ይቺን ጎማ ለልጅ ልጆችህ ልታወርሳት ነው እንዴ?» አለ በመስኮቱ ብቅ ብሎ።

«የኔን ተወው። መንግሥትን ይዘህልኝ ሂድ፤ በአራት ሰዓት ጉባኤ አለበት።»

ሻምበል ለአራት ነጥብ ወታደራዊ ሰላምታ ሰጠና የፊቱን ወንበር አስለቀቀለት። ከሰማያዊው ተሳፋሪዎች መካከል የቸኮሉትም ዕቃቸውን ይዘው ገቡ። ይህ አዲስ ነገር አልነበረም። በዚህ ተራራ ላይ ቀይም ይሁን ሰማያዊ የተበላሸ አውቶቡስ ታልፎ አይታወቅም። የሌላው ቲኬት ቆራጭ የራሱን መብሻ አውጥቶ የተሳፋሪውን ቲኬት ይበሳል፣ ሌላ ሒሳብ አይጠየቅም፣ ነገ ደግሞ በተራው ይመለሳል። የሰማያዊዎቹ መብሻ ክብ ነው፤ የቀዮቹ ሦስት ማዕዘን። የአራት ነጥብም ቲኬት ጠዋት ከተበሳው ክብ ቀዳዳ አጠገብ ሦስት ማዕዘን ቀዳዳ ጨመረ።

ጋሼ በመስኮቱ ሥር ቆሞ ጥቁር እጁን በጨርቅ እየጠረገ ቀና አለ። «ደህና አድርገህ ተናገርልን።»

«የምናገረው የለም ጋሼ። ሁሉም ተጽፏል።»

«እንግዲያው ደህና አድርገህ ጽፈሃል» አለና ወደ ጎማው ተመለሰ። በዚያ ቀን ፊቱ ላይ ፈገግታ የታየው ያን ጊዜ ብቻ ነበር።

ቀዩ አውቶቡስ ሲንቀሳቀስ አራት ነጥብ ቦርሳውን ከፈተና ቲኬቱን ከቆጠራው ወረቀት ጋር በስፒል አያያዘው። የመሥሪያ ቤቱ ደንብ ነው፤ መርማሪው ቦታው ድረስ መሄዱን የሚመሰክረው ቲኬቱ ነው፣ ቲኬት ያልተያያዘበት ቆጠራ ተቀባይነት የለውም። ከዚያ ቅጂውን አገላብጦ ገጽ አሥራ ዘጠኝ ላይ ቆመ። በጣም የሚወደው ገጽ እሱ ነበር። ወንድሙ ስላለበት ለሰማያዊዎቹ አዳላ እንዳይባል ፈርቶ፣ ከሁሉም ከሁሉም ደግሞ እውነት ስለሆነ፣ በዚያ ገጽ ላይ የቀዮቹንም ሾፌሮች ደግነት ጽፎ ነበር። የመሥሪያ ቤቱ ታይፒስት፣ በዕድሜ የገፋች ሴት፣ ገጹን መትታ ከጨረሰች በኋላ መነጽሯን አውልቃ፣ ይሄ ጥሩ ነገር ነው፣ ግን የጠየቁህ እሱን አይደለም፣ ብትተወውስ ብላው ነበር። እሱ ግን የሪፖርቱ ጌጥ እሱ ነው ብሎ ሳቀባት። ለሚቀጥለው ገጽ ካርቦን ወረቀቱን ከመጨመሯ በፊት አንድ ጊዜ አየችው፤ ከዚያ ሥራዋን ቀጠለች።

የጉባኤው አዳራሽ ከማዘጋጃ ቤቱ ሕንፃ ሁለተኛ ፎቅ ላይ ነበር። አረንጓዴ ጨርቅ የለበሰ ረጅም ጠረጴዛ፣ ሦስት ዳኞች፣ ከጣሪያው የተንጠለጠለ ሲዞር የሚንጫጫ ማራገቢያ። መሐል የተቀመጡት ሰብሳቢ ጡረታ ከወጡ በኋላ የተጠሩ አዛውንት ናቸው፤ ወረቀት የሚያነቡት በእጅ በሚያዝ አጉሊ መነጽር ነው። ማኅበሩ ጠበቃ የሚቀጥርበት አቅም አልነበረውም። መርማሪው ሁሉንም ስለጻፈው ጠበቃ ምን ያደርግልናል ብለው ነበር ሾፌሮቹ። የትልቁ ኩባንያ ጠበቃ ግን ነበር፤ ቀጭን፣ ረጋ ያለ፣ የሸሚዙ እጅጌ እንደ በረዶ የነጣ ሰው። አራት ነጥብ ይህ ሰው ሪፖርቱን ሊያጣጥል፣ የዝምድናውን ነገር ሊያነሳ ነው ብሎ መልሱን ሲያውጠነጥን ነበር ያደረው።

ጠበቃው ብድግ ብሎ እጅ ነሳ።

«ክቡር ሰብሳቢ፣ የመርማሪውን ሪፖርት አንቃወምም። እንዲያውም የምንመካው በእሱ ነው። ገጽ አሥራ ዘጠኝን እንድናነብ ይፈቀድልን።»

በዚያው ቅጽበት የአዳራሹ በር ተከፈተና ጋሼ ገባ። ጎማውን ለውጦ፣ ዳገቱን እንዴት እንደወጣው እሱ ያውቃል፣ ካኪ ካፖርቱ አቧራ ጠጥቶ፣ እጁ እስከ ክርኑ ግራሶ ሆኖ ደርሷል። ባርኔጣውን አውልቆ የመጨረሻው አግዳሚ ላይ ተቀመጠ። ጠበቃውም ሳይቸኩል አነበበ።

«‹በዚህ ተራራ ላይ የሁለቱ ድርጅቶች ሾፌሮች እንደ አንድ ቤት ልጆች ናቸው። የአንዱ ተሳፋሪ የሌላውም ተሳፋሪ ነው። በአሥራ አንድ ዓመት ውስጥ አንዱ ሌላውን ጥሎ ያለፈበት ቀን አለ የሚል ሰው ይህ መርማሪ አላገኘም።›»

ልንገራችሁና፣ አራት ነጥብ መጀመሪያ የተሰማው ኩራት ነበር። የጻፈው ነገር በዚያ ባማረ ድምፅ፣ በዚያ አዳራሽ፣ ወንድሙ ጆሮ ላይ ሲነበብ ደረቱ ሞላ። ይህ የቆየው ጠበቃው ወረቀቱን አስቀምጦ ወደ እሱ እስኪዞር ድረስ ብቻ ነው።

«ይህን የጻፉት እርስዎ ነዎት?»

«እኔ ነኝ።»

«ዛሬ ካቀረቡት ቆጠራ ጋር የተያያዘው ቲኬትስ? ዛሬ ጠዋት የተሳፈሩት በሰማያዊው ነበር?»

«በሰማያዊው ነበር። ጎማው ፈነዳና በቀዩ መጣሁ።»

«የቀዩን ከፈሉ?»

አራት ነጥብ ዝም ማለት ይችል ነበር፣ አላስታውስም ማለትም ይችል ነበር። እሱ ግን ተጠይቆ ሳይመልስ የቀረበት ቀን የለም።

«አልከፈልኩም።»

ጠበቃው ስፒሉን በጥንቃቄ ነቅሎ ቲኬቱን ወደ መስኮቱ አነሳው። ፀሐይዋ በሁለቱ ቀዳዳ፣ በክቡና በሦስት ማዕዘኑ፣ አልፋ አረንጓዴው ጨርቅ ላይ ሁለት ትንንሽ ብርሃን ጣለች። ሰብሳቢው አጉሊ መነጽራቸውን አስጠግተው ብርሃኑንም ቲኬቱንም ተራ በተራ አዩ።

«አንድ ቲኬት፣ ሁለት ድርጅት» አለ ጠበቃው። «ተሳፋሪ የሚለዋወጡ፣ ሒሳብ የማይጠያየቁ፣ አንዱ ሌላውን የማይቀድም። ክቡር ሰብሳቢ፣ ሕጉ ፉክክር እንዳይጠፋ ይጠብቃል። እዚህ የሚጠፋው የቱ ነው?»

ሰብሳቢው ወደ መርማሪው ዞሩ። ፊታቸው ክፉ አልነበረም፤ ከልባቸው ነው የጠየቁት። «እስቲ ልጄ፣ ፉክክሩ የቱ ላይ ነው?»

አራት ነጥብ ተነሳ። ገጽ ሦስትን ይመልከቱልኝ አለ፤ ሰማያዊዎቹ በመጡ በዓመቱ ዋጋው በግማሽ ወርዷል፣ ቀዮቹም ሰዓት ማክበር የጀመሩት ከዚያ ወዲህ ነው። ጠበቃው ቀና ብሎ እንኳ አላየውም፤ አንድ ቅጠል ገለጠና ገጽ አራትን አነበበ። መንገዱ አስፋልት የለበሰው በዚያው ዓመት ነው ይላል። እሱንም የጻፈው አራት ነጥብ ነበር። ምክንያቱ አስፋልቱ ሊሆን አይችልም ወይ ሲባል፣ በከፊል ሊሆን ይችላል አለ። እውነት ነው፣ በከፊል ይችላል። ደግነቱ ለሰዎቹ ነው፣ ፉክክሩ ለዋጋው ነው፣ ተራራ ላይ የቀረን ሰው ማንሳትና ገበያ ላይ መፎካከር የተለያየ ነገር ነው ብሎ ማስረዳት ሲጀምር ሰብሳቢው እጃቸውን አነሱ። የተጻፈው ይበቃል አሉት። ተቀመጠ። ወደ ኋላ ለመዞር አንገቱ እምቢ አለው።

ዳኞቹ ግማሽ ሰዓት እንኳ አልቆዩም። በሌለ ፉክክር ላይ ጉዳት አይደርስም ተባለ። ሽያጩ ከመጪው ወር መባቻ ጀምሮ ይጸናል፤ እስከዚያ ግን፣ አሉ ሰብሳቢው ከወረቀቱ እያነበቡ፣ ሁለቱ ድርጅቶች እንደ ተፎካካሪ ተለያይተው ይሠራሉ። ማኅተሙ ሲመታ ማራገቢያው እንደ ልማዱ ይንጫጫ ነበር።

ኮሪደሩ ላይ ጠበቃው ደረሰበትና እጁን ዘረጋለት። ብዙ ሪፖርት አይቻለሁ፣ እንዲህ ያለ ንጹሕ ግን አልገጠመኝም አለው፤ ሽሙጥ አልነበረም። አራት ነጥብም ከጨዋ ቤት ያደገ ነውና እጁን ጨበጠው። ያን መጨበጡን ዕድሜ ልኩን አልረሳውም፤ ፍርዱን ከሰማበት ጊዜ ይልቅ እሱ ያንገበግበው ነበር።

ጋሼ ከደረጃው ሥር ባርኔጣውን በእጁ ይዞ ቆሟል።

«ያ ያነበበው ያንተ ነው?»

«የኔ ነው ጋሼ።»

«ውሸት የለበትም።»

«የለበትም።»

«ሁሉንም ነው የምትጽፈው?»

ጋሼ ባርኔጣውን ደፋና ወደ መናኸሪያው መንገድ ጀመረ። ቢሰድበው፣ በጥፊ ቢለው ለአራት ነጥብ ይሻለው ነበር። የአሥር ዓመት ልጅ ሳለ አንዴ ከትምህርት ቤት ቀርቶ ጋሼ ሲይዘው በኩርኩም ብሎታል፤ ያ ኩርኩም አሁን ናፈቀው።

ከሰዓት በኋላ በስምንት ሰዓት ሰማያዊው አውቶቡስ ለመልስ ተነሳ። አራት ነጥብ ቢሮ መግባት ነበረበት፤ አልገባም። ነገሩን ለእትዬ፣ ለጋሼ ሚስት፣ ራሴ ልንገራት ብሎ ቲኬት ቆርጦ ገባ። የፊቱ ወንበር ባዶውን ነበር። ተቀመጥ ያለው የለም፣ አትቀመጥ ያለውም የለም። ተቀመጠ። ከከተማው እስከ ተራራው ሥር ጋሼ ማርሽ በቀየረ ቁጥር ከወትሮው ጠበቅ እያደረገ ይመታዋል። ወሬው ቀድሟቸው መናኸሪያ ደርሶ ስለነበር ተሳፋሪውም ድምፁን ዝቅ አድርጎ ነበር የሚያወራው።

ተራራው ከሁለቱም ወገን ዳገት ነው። አጋማሹ ላይ ሲደርሱ ቀይ አውቶቡስ መንገድ ዳር ቆሟል። ኮፈኑ ተከፍቶ ራዲያተሩ ይጨሳል፣ ተሳፋሪዎቹ የመንገዱ ጠርዝ ድንጋይ ላይ ተደርድረዋል፣ አንዲት ሴት የታቀፈችውን ሕፃን ከፀሐይ በነጠላ ጋርዳለች። ሻምበል ሰማያዊውን ከሩቅ አየው። እጁን እንኳ አላውለበለበም። ዞር ብሎ ተሳፋሪዎቹን አስነሳ፣ ከጣሪያው ላይ ሻንጣ ማውረድ ጀመረ። ያልቆመለት ቀን አልነበረምና መለመን አላስፈለገውም።

ቲኬት ቆራጩ መብሻውን ከኪሱ አውጥቶ ተነሳና የበሩን እጀታ ያዘ። ጋሼ ማርሽ ቀነሰ፤ አውቶቡሱ አዘገመ። ሴትየዋ ሕፃኗን አቅፋ ወደ መንገዱ ጠርዝ መጣች። አራት ነጥብ የጠዋቱን ሰላምታ፣ የተለቀቀለትን ወንበር አስታወሰና አሁን ይቆማል አለ በሆዱ፤ ይህ ሰው ጋሼ ነው፣ ይቆማል።

ጋሼ ነዳጅ ሰጠ።

አውቶቡሱ አጓርቶ ዳገቱን ያዘ። ከኋላ አንዲት አሮጊት፣ ኧረ ሰዎቹ፣ ኧረ ሰዎቹን ተውካቸው አለች። በጎን መስታወቱ ውስጥ ሻምበል ሻንጣ እንደ ተሸከመ መሐል መንገድ ላይ ቆሞ ይታይ ነበር፤ ገና አልገባውም፣ ወደፊት አለፍ ብሎ ጥግ ሊይዝ ነው ብሎ ሳያስብ አልቀረም፣ ጥቂት እርምጃ ተከተላቸው። ከዚያ መታጠፊያው ሸፈነው። ቲኬት ቆራጩ የበሩን እጀታ ለቀቀና መብሻውን ወደ ኪሱ መልሶ ተቀመጠ።

«ጋሼ» አለ አራት ነጥብ።

ጋሼ ዓይኑን ከመንገዱ አልነቀለም። በጠዋቱ ግራሶ የጠቆረው እጁ መሪውን እንደ ጨበጠ ነበር።

«እስከ ወሩ መባቻ ተፎካካሪዎች ናችሁ ብለውናል ሽማግሌው» አለ። «ይኸው ተፎካከርን። ብዕርህን አውጣና ጻፈው።»